ወረቀት ያለውና ወረቀት የሌለው፦ የኬንትሪጅ የከሰል ፊልሞች ከዲፕስሉት ሲታዩ

ዲፕስሉት በአፍሪካንስ ቋንቋ «ጥልቅ ቦይ» ማለት ነው። ሰፈሩ ከጆሃንስበርግ መሐል ከተማ በስተሰሜን 40 ኪሎ ሜትር ያህል ይርቃል። የተመሠረተው በ1995 ሲሆን (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)፣ የታሰበውም ዜቨንፎንቴይን ከሚባል ቦታ የተነሡ ሰዎች ለጊዜው እንዲያርፉበት ነበር። ለጊዜው የተባለው ቋሚ ሆነ። በ2011 በተደረገው የሕዝብ ቆጠራ 138 ሺህ ያህል ሰው ተቆጥሮበታል። ከአገሬው ሌላ ከዚምባብዌ፣ ከሞዛምቢክ፣ ከማላዊ፣ ከሶማሊያና ከኢትዮጵያ የመጡ ሰዎች ይኖሩበታል። በደቡብ አፍሪካ ያሉ ሐበሾች እንዲህ ያለውን ሰፈር በጥቅሉ «ሎኬሽን» ይሉታል። ከሆሳዕናና ከአካባቢዋ ተነሥቶ በሞያሌ፣ በኬንያ፣ በታንዛኒያና በማላዊ አድርጎ የደረሰ ወጣት ኑሮውን የሚጀምረው ብዙ ጊዜ ሎኬሽን ውስጥ ባለች ስፓዛ ሱቅ፣ ከብረት ፍርግርግ ጀርባ ቆሞ ዳቦና የስልክ ካርድ በመሸጥ ነው።

የሰፈሩ ስም በዓለም ዜና የሚሰማው ግን በአብዛኛው ሰው ሲሞት ነው። በሜይ 2008 ከአሌክሳንድራ ተነሥቶ በውጭ ዜጎች ላይ ያነጣጠረው ጥቃት ወደ ዲፕስሉትም ደረሰ፤ በአገሪቱ በጠቅላላ 62 ሰዎች ተገደሉ። በሜይ 2013 በዚሁ ሰፈር የውጭ ዜጎች ሱቆች ተዘረፉ። በኤፕሪል 2022 ደግሞ የተቆጡ ሰዎች ከቤት ወደ ቤት እየዞሩ መታወቂያ ሲጠይቁ አመሹ። በዚያ ሌሊት አንድ የዚምባብዌ ተወላጅ፣ የአራት ልጆች አባት፣ ተደብድቦ በእሳት ተቃጠለ። በየበሩ ይጠየቅ የነበረው ባጭሩ «ወረቀት አለህ?» የሚል ነው።

በዚያው ከተማ ወረቀት ሌላም ሥራ ሲሠራ ኖሯል። በ1955 ጆሃንስበርግ ውስጥ የተወለደው ሠዓሊ ዊልያም ኬንትሪጅ ከ1989 እስከ 2020 ባሉት ዓመታት 11 አጫጭር የአኒሜሽን ፊልሞችን በከሰልና በወረቀት ሠርቷል። ስለ አእምሮ ቁስልና ስለ ትውስታ የተሠሩ የሙከራ አኒሜሽኖች ሲነሡ ከሁሉ አስቀድመው ከሚጠሩት መካከል እነዚህ ናቸው፤ በታላላቅ ሙዚየሞች ታይተዋል፣ ብዙ ተጽፎባቸዋል። አድናቆቱም ይገባቸዋል። ነገር ግን ፊልሞቹን ከሎኬሽን ሆኖ የሚያይ ሰው፣ በተለይም ስደተኛ፣ ከአድናቆቱ ጎን አንድ ጥያቄ መያዝ አለበት። ግፉ የሚታወሰው በማን ወረቀት ላይ ነው?

አሠራሩን ማወቅ ለመልሱ ግማሽ መንገድ ነው። በተለመደው የእጅ አኒሜሽን ለእያንዳንዱ እንቅስቃሴ አዲስ ሥዕል ይሣላል፤ አንድ ሰከንድ ፊልም 24 ፍሬም ስለሚፈጅ የአንድ አጭር ፊልም ሥዕል በሺህ ይቆጠራል። ኬንትሪጅ ግን ለአንድ ትዕይንት አንድ ወረቀት ግድግዳ ላይ ይሰቅላል። በከሰል ይሥላል፤ በክፍሉ ሌላ ጫፍ ወደ ቆመው ካሜራ ሄዶ አንድ ሁለት ፍሬም ያነሣል፤ ተመልሶ ጥቂቱን በላጲስ ያጠፋል፣ ጥቂት ይጨምራል፤ እንደገና ወደ ካሜራው ይሄዳል። ቀኑን ሙሉ ሲመላለስ ውሎ የሚያገኘው ጥቂት ሰከንድ ነው። አስቀድሞ የተጻፈ ስክሪፕት የለም፤ ቀጣዩ ምስል የሚመጣው በዚያ ምልልስ መሐል ነው። ራሱ አሠራሩን የድንጋይ ዘመን ፊልም ሥራ ይለዋል።

ከሰል ደግሞ ጨርሶ አይጠፋም። ላጲሱ ባለፈበት ሁሉ ግራጫ ጥላ ይቀራል፤ የሚራመድ ሰው ከኋላው የቀድሞ እግሮቹ ዳና ይከተለዋል። ኬንትሪጅ መጀመሪያ ላይ ይህን እንደ ጉድለት ቆጥሮ ሊያጸዳው ታግሎ ነበር፤ ኋላ ግን የፊልሞቹ ዋና ነገር ሆነ። በአማርኛ ቁስልና ጠባሳ ይለያያሉ። ቁስል ያማል፣ ይድናልም። ጠባሳ ግን መቁሰሉንም መዳኑንም አንድ ላይ ይመሰክራል፤ የያዘው ሰው ባይናገርም ቆዳው ይናገራል። የኬንትሪጅ ወረቀት ጠባሳ ያወጣ ቆዳ ነው። ስለ ትውስታ በሚሠሩ ፊልሞች የተለመደው ዘዴ፣ ማለትም ምስሉን አደብዝዞና ቀለሙን አግርጥቶ «ይህ ያለፈ ጊዜ ነው» ማለት፣ እዚህ አያስፈልግም። ያለፈው ከአሁኑ ጋር እዚያው ወረቀት ላይ ነውና።

ሠዓሊው የቆመበትን ቦታ የሚያሳይ፣ እሱም በተደጋጋሚ የተረከው አንድ የልጅነት ታሪክ አለ። አባቱ ሲድኒ ኬንትሪጅ የታወቁ ጠበቃ ናቸው፤ በ1977 ስቲቭ ቢኮ በፖሊስ እጅ ሳለ ሲሞት በአሟሟቱ ምርመራ ቤተሰቡን ወክለው የተከራከሩ። ልጁ በስድስት ዓመቱ ገደማ በአባቱ የሥራ ክፍል ቢጫ ሣጥን አየ። ቸኮሌት መስሎት ከፈተው። ውስጡ ያሉት በማርች 21 ቀን 1960 ፖሊስ 69 ሰዎችን በገደለበት በሻርፕቪል የወደቁ ሰዎች ፎቶግራፎች ነበሩ። ልጁ የተጎዳ አልነበረም፤ ጎጂም አልነበረም። የተመቸ ቤት ውስጥ ሆኖ ሣጥን የከፈተ ልጅ ነው። ፊልሞቹም ሁሉ የተሠሩት ከዚሁ ቦታ ነው።

«የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም» ይላል የአማርኛው ምሳሌያዊ አነጋገር። አነጋገሩ ለትውስታ ሁለት ወገን ብቻ ይሰጣል። ኬንትሪጅ ሦስተኛ ወገን ጨምሮበታል፤ በገዛ እጁ ያልወጋ፣ ያልተወጋም፣ ነገር ግን ከወጊው ማዕድ የበላ። የዚህ ወገን መልክ ሶሆ ኤክስታይን ነው። ወፍራም፣ ባለ ሰንበር ሱፍ ለባሽ፣ የማዕድንና የሕንፃ ባለቤት። ከእሱ ጋር የሚፈራረቀው ፊሊክስ ታይትልባም ደግሞ ሁልጊዜ ራቁቱን የሚሣል ሕልመኛ ነው። ሁለቱም ፊታቸው ወደ ሠዓሊው ራሱ ይመጣል፤ ዓመታት ሲያልፉ መመሳሰላቸው እየበዛ ሄዷል።

የእውነትና የዕርቅ ኮሚሽኑ መስማት በጀመረበት በ1996 የተሠራው «የዋናው ሕመም ታሪክ» ይህን ሦስተኛ ወገን አልጋ ላይ አስተኝቶ ይመረምረዋል። ሶሆ ራሱን ስቶ ሆስፒታል ተኝቷል። ሊያክሙት የመጡት ሐኪሞችም ራሳቸው ሶሆዎች ናቸው፤ ሁሉም ያንኑ ሱፍ ለብሰዋል። ውስጡ በራጅና በመመርመሪያ መሣሪያ ሲታይ አጥንትና ጅማት ብቻ ሳይሆን የቢሮ ዕቃ፣ ስልክና የጽሕፈት መኪና ይገኝበታል። ከዚያ ሶሆ በሌሊት መኪና ሲነዳ እናያለን። በመንገዱ ዳር ሰው ይደበደባል፤ ከፊቱ አንድ ሰው ሮጦ ይገባና መስታወቱ ላይ ይላተማል። ሶሆ ዓይኑን የሚገልጠው በዚህ ምት ነው። ሲያስታውስ ዳነ ማለት ነው። ፊልሙ ግን በዚህ አያበቃም። መጋረጃው ሲከፈት ሶሆ ጠረጴዛው ላይ ተቀምጦ ስልኩን እያነሣ ሥራውን ቀጥሏል።

ይህ መጨረሻ ከፊልሞቹ ሁሉ ሐቀኛው ነው። መናዘዝ በራሱ ካሣ አይደለም፤ ያስታወሰ ሰው ጠረጴዛውን አይለቅም። ኮሚሽኑ ሥራውን ጨርሶ መንግሥት በ2003 ለተጎጂዎች ሊከፍል የወሰነው የአንድ ጊዜ 30 ሺህ ራንድ ሲታሰብ፣ ከዚያ ሰባት ዓመት በፊት በከሰል የተሣለው የስልክ ጥሪ ትንቢት ይመስላል።

«ፊሊክስ በስደት» ከዚህ ይበልጥ የተወደደ ፊልም ነው፤ ችግሩም ጎልቶ የሚታየው እዚህ ላይ ነው። የተሠራው በ1994፣ አገሪቱ የመጀመሪያውን የሁሉንም ሕዝብ ምርጫ ልታደርግ በተቃረበችበት ጊዜ ነው። ጥያቄውም ለነጻነቱ መዳረሻ የወደቁትን ሰዎች መሬቱ ይረሳቸዋል ወይ የሚል ነው። ፊሊክስ ሩቅ አገር በአንድ የሆቴል ክፍል ውስጥ ሻንጣው ሙሉ ሥዕል ይዞ ተቀምጧል። ሥዕሎቹ የናንዲ ናቸው። ናንዲ ጥቁር ሴት ናት፤ በመቀየሻ መሣሪያ መሬቱን ትለካለች፣ የወደቁትን ሰዎች ትመዘግባለች። ጋዜጦች በነፋስ እየበረሩ መጥተው ሬሳዎቹን ይሸፍኗቸዋል፤ ሬሳዎቹም ቀስ በቀስ ኮረብታ፣ ኩሬ፣ ሣር ይሆናሉ። ፊሊክስ ፊቱን ሲላጭ በመስታወቱ ውስጥ የሚያየው የራሱን መልክ ሳይሆን ናንዲን ነው። በመጨረሻ ናንዲም በጥይት ትወድቅና እሷም መሬት ትሆናለች። ፊሊክስ በጎርፉ መሐል ራቁቱን ይቆማል።

ዘጠኝ ደቂቃ እንኳ በማይሞላ ጊዜ ውስጥ ይህን ያህል ሐዘን የያዘ ፊልም ጥቂት ነው። ይሁን እንጂ ማን ምን እንደሚሠራ ልብ ማለት ያስፈልጋል። የምታየውና የምትመዘግበው ናንዲ ናት፤ የምትሞተውም እሷ ናት። ፊሊክስ በሕይወት ይተርፋል፣ ሥዕሎቿን ይወርሳል፣ ያለቅሳል። ስደት የሚለውን ስም የያዘው እሱ ነው፤ ስደቱ ግን ክፍል ያለው፣ አልጋ ያለው፣ ሻንጣ ሙሉ ወረቀት ያለው ስደት ነው። ናንዲ ሥዕሎቹ የእሷ ሆነው ሳሉ ታሪኩ የእሷ አልሆነም። ከወጊው ማዕድ የበላው ሰው ትውስታ በጥልቀት ተቆፍሯል። የተወጋው ሰው ግን በራሱ ወገብ ቀና ብሎ ሲያስታውስ አይታይም፤ እንደ መሬት ሆኖ ይታወሳል እንጂ።

ኬንትሪጅ ይህን ወሰን ያውቀዋል፤ የማያውቀውን ሰው አእምሮ ውስጥ ገብቶ አለመናገሩም የጨዋነት ምርጫ ነው። በ«ሲቲ ዲፕ» (2020) ወሰኑን ትንሽ ገፋ አድርጎታል። ሲቲ ዲፕ በጆሃንስበርግ ደቡብ ያለ የድሮ የማዕድን ሰፈር ነው። በፊልሙ የተተዉ ጉድጓዶችን በእጃቸው የሚቆፍሩት፣ «ዛማ ዛማ» የሚባሉት ሕገወጥ ቆፋሪዎች ይታያሉ፤ ከእነሱ ብዙዎቹ ከሌሶቶ፣ ከዚምባብዌና ከሞዛምቢክ የመጡ ናቸው። ያረጀው ሶሆ ግን ያለው በጆሃንስበርግ የሥዕል ጋለሪ ውስጥ ነው። ሠላሳ ዓመት ካለፈ በኋላም ቆፋሪው በጉድጓዱ ውስጥ፣ ተመልካቹ በጋለሪው ውስጥ ናቸው። ጋለሪው ሲፈርስ ማየት ያረካል፤ ከጉድጓዱ ሆኖ ጋለሪውን የሚያይ ዓይን ግን አሁንም የለም።

ታዲያ ፎቶግራፍና ቪዲዮ በየኪሱ ባለበት ዘመን የተወጋው ሰው ለምን ሥዕል ያስፈልገዋል? መልሱ ለኢትዮጵያዊ አንባቢ ሩቅ አይደለም። በቀይ ሽብር ዘመን የተገደሉት ወጣቶች ሬሳ ጽሑፍ ተለጥፎበት በአደባባይ ይጣል፣ በቴሌቪዥንም ይታይ ነበር። ምስሉን ያዘጋጀው ገዳዩ ነው፤ ማየት ራሱ ቅጣት ነበር። ዛሬ በመስቀል አደባባይ ባለው የቀይ ሽብር ሰማዕታት መታሰቢያ ሙዚየም የተደረደሩት የቤተሰብ ፎቶዎች ኃይላቸው ከዚህ ይመጣል፤ ሰውየውን ከሬሳነቱ አውጥተው ለክራባቱና ለፈገግታው ይመልሱታል። በ2008ም አንድ የሞዛምቢክ ተወላጅ በራማፎዛ ሰፈር ሲቃጠል የተነሣው ፎቶ ዓለምን ዞረ። ጥቃቱን ያጋለጠው እሱ ነው፤ ሆኖም ያንን ሰው ለዘላለም እሳት ውስጥ አስቀረው።

ኬንትሪጅ ራሱ በ«ኡቡ እውነቱን ተናገረ» (1997) ይህን ነገር ነክቶታል። በዚያ ፊልም በጥቁር ወረቀት ላይ በነጭ ጠመኔ የተሣለ ባለ ሦስት እግር ካሜራ እየተራመደ ይገድላል። መቅረጫው ምስክር ሆኖ ሳለ የግፉ መሣሪያም ነው። የሥዕል ጥቅም እዚህ ላይ ነው። ሥዕል የገዳዩን ማዕዘን እንዲዋስ አይገደድም። ከመታቱ አንድ ደቂቃ በፊት ያለውን መሥራት ይችላል፤ አንድ ዓመት ካለፈ በኋላ ያለውንም መሥራት ይችላል።

በዚህ በኩል የኢትዮጵያዊው ሠዓሊ የዕዝራ ውቤ ሥራ ከኬንትሪጅ ጋር ተያይዞ መታየት አለበት። ዕዝራ በ1980 አዲስ አበባ ተወልዶ በወጣትነቱ ወደ አሜሪካ የሄደ፣ ኒው ዮርክ የሚሠራ ሰው ነው። «ሂሳብ» (2011) የተባለ አጭር ፊልሙን የሠራው በአንድ ሸራ ላይ ነው፤ ይቀባል፣ ያነሣል፣ በዚያው ላይ ደርቦ ይቀባል። አሠራሩ የኬንትሪጅን ይመስላል፤ ውጤቱ ግን ተቃራኒ ነው። ከሰል ሲጠፋ ጥላ ይተዋል። ቀለም ሲደረብ ግን የበፊቱን ፈጽሞ ይውጠዋል። ፊልሙ ሲያልቅ ሠዓሊው እጅ ላይ የሚቀረው አንድ የወፈረ ሸራ ነው፤ መንገዱ፣ ታክሲው፣ ሰዉ ሁሉ ከሥሩ ተቀብሯል። ይህ ለስደተኛ ትውስታ የሚቀርብ አሠራር ነው። ከሞያሌ ወዲህ ያለፈባቸውን ቦታዎች አንድ በአንድ በላያቸው እየደረበ የመጣ ሰው፣ የበፊቱን ጥላ የሚያሳየው ወረቀት የለውም። በውስጡ ግን ይከብዳል።

የ«ሂሳብ» ታሪክም ማንም የአዲስ አበባ ልጅ የሚያውቀው ነው። አህያ፣ ፍየልና ውሻ በታክሲ ተሳፈሩ። አህያ ሂሳቧን ከፍላ ወረደች፤ ስለዚህ መኪና ሲመጣ ከመንገድ ንቅንቅ አትልም። ፍየል ሳትከፍል ሮጠች፤ እስከ ዛሬ መኪና ስታይ ትበረግጋለች። ውሻ ከፍሎ መልሱን ሳይቀበል ታክሲው ጥሎት ሄደ፤ እስከ ዛሬ መኪና እያሳደደ ይጮኻል። ልጆች የሚሥቁበት ተረት ነው። ነገር ግን ስለ ትውስታ ከብዙ ጥናት ይልቅ ያስረዳል፤ አካል አእምሮ የማይናገረውን ዕዳ እንዴት እንደሚይዝ ይነግራል። ፍየሏ ለምን እንደምትሮጥ ረስታለች፤ እግሯ ግን አልረሳም። አማርኛው ደግሞ ውሻው የሚያሳድደውን የተረፈ ሳንቲምም፣ ለጥያቄ የሚሰጠውን ምላሽም በአንድ ቃል «መልስ» ይላቸዋል።

የስደተኛው ታሪክ በአኒሜሽን እንዴት ሊነገር እንደሚችል የሚያሳይ ሌላ ምሳሌ አለ፤ አጭር ባይሆንም እዚህ ቦታ ይገባዋል። የዴንማርኩ «ፍሊ» (2021) ከአፍጋኒስታን የሸሸ ሰው ለዓመታት የደበቀውን ታሪክ በራሱ ድምፅ ያስተርከዋል፤ ሥዕሉ ፊቱን ይጋርድለታል። በመደበኛ ቀለም የሚሄደው ፊልም የባሰው ነገር ሲመጣ ወደ ጥቁር ጭረት ይለወጣል፤ ፊት የሌላቸው ሰዎች፣ መስመር ብቻ። የተራኪው እህቶች በመርከብ ላይ ባለ ኮንቴይነር ታፍነው የተሻገሩበት ክፍል የተሣለው እንዲህ ነው። ተራኪው እዚያ አልነበረም፤ ሥዕሉም ያላየውን እንዳየ አያስመስልም።

ይህን ክፍል የሚያይ ኢትዮጵያዊ ማርች 24 ቀን 2020ን ማሰቡ አይቀርም። በዚያ ቀን በሞዛምቢክ ቴቴ አውራጃ አንድ የጭነት መኪና ተይዞ ኮንቴይነሩ ሲከፈት 64 ሬሳ ተገኘ፤ ኢትዮጵያውያን መሆናቸው ተነገረ። በሕይወት የተገኙት 14 ነበሩ። ዜናው የሚያሳየው የተከፈተውን በር ነው። በሩ ተዘግቶ የነበረበትን ሰዓት ማንም አልቀረጸም፤ ሊቀርጽም አይችልም። ጨለማው ውስጥ ማን ማንን እንደ ደገፈ፣ ማን ስም እንደ ጠራ የሚያውቁት የተረፉት ብቻ ናቸው። ሙሾ አውራጅም ሟቹን ካላወቀች ዘመድ ጠይቃ ነው የምታወርደው።

እንግዲህ ከዲፕስሉት የሚነሣ ፊልም ከኬንትሪጅ የሚማረው ብዙ ነው፦ በአንድ ወረቀት መሥራት፣ ሳይቸኩሉ መመላለስ፣ ስሕተትን አለመደበቅ። ዋጋውም ቢሆን አይከብድም፤ ከሰል፣ ላጲስ፣ አንድ ስልክና የሚያቆመው ነገር ይበቃል። የማይወስደው ነገር ግን የፊሊክስን ቦታ ነው። ስፓዛ ሱቅ ውስጥ የሚያድር ልጅ መሬቱን ከሩቅ አይቶ አያዝንም። የሚያየው በፍርግርጉ ልክ የተቆራረጠ መንገድ ነው፤ እዚያ መንገድ ላይ በቀን ዳቦ የሚገዛው ጎረቤትና በሌሊት ወረቀት የሚጠይቀው ሰው አንዳንዴ አንድ ፊት ይኖራቸዋል። ኬንትሪጅ ሶሆንና ፊሊክስን በአንድ ፊት የሣለው የራሱን ክፍፍል ለማሳየት ነበር። እዚህ ግን በአንድ ፊት የሚሣሉት ደንበኛውና አሳዳጁ ይሆናሉ። ያ ሰውም ድኻ ነው፤ ለጊዜው ተብሎ በቦይ ዳር የሰፈረና አሁንም መልስ የሚጠብቅ።

እንዲህ ያለው ፊልም ጎረቤቱን ጭራቅ አድርጎ ቢሥለው ይቀልለታል፤ እውነቱን ግን ያጣል። ሱቁ የተዘረፈበት ሰው በሳምንቱ መደርደሪያውን ጠግኖ ለዚያው ሰፈር ዳቦ ይሸጣል፤ ከገዢዎቹ መካከል የዘረፈው ሊኖር እንደሚችል እያወቀ ሂሳብ ይቀበላል፣ መልስ ይሰጣል። ይህ የሁለት ሰዎች ዝምታ በሻርፕቪል ሣጥንም፣ በሶሆ ሆስፒታልም አልተሣለም። በከሰል ሊሣል ግን ይችላል፤ ሳንቲሙን የሚያቀብለው እጅ ተመልሶ ወደ ፍርግርጉ ሲገባ በሁለቱ መካከል ግራጫው ጥላ ይቀራል።